እንሽላሊት ባሕር እንዴት ተሻገረች?

ፊደል የቆጠርሁት በጎልማሳነቴ ነውና ብዕር በማንሳቴ ይቅር በሉኝ፤ የጎረቤቴን የላቀውን ነገር ግን ዝም ብዬ ማለፍ አቃተኝ።

ላቀው ከጅጋ ወጣ ብሎ የሚያርስ ገበሬ ነው። ፍኖተ ሰላም የምትማረው ልጁ ያምሮት እሑድ መጥታ፣ «አባ፣ ዓርብ ፈተና ላይ፣ በውቅያኖስ መካከል ባለች ሞቃት ደሴት ላይ እንሽላሊት እንዴት ደረሰች ብለው ጠየቁን። አንተ የነገርኸኝን ጻፍሁ» አለችው።

እሱ የነገራት አንድ ክረምት ያየውን ነው፤ ብር የሚባለው ወንዛችን ሞልቶ፣ ጎርፍ በነቀለው ብሳና ላይ ተጣብቃ የምትሄድ እንሽላሊት።

ሚስቱ አቻምየለሽ በሳቅ ፈረሰች። «ተሳፈረች በለኛ! ትኬትስ ቆርጣለች?»

ላቀው ግን፣ በእኔ ወሬ ልጄ ልትወድቅ ነው፣ የክፍል መሳቂያ አደረግኋት እያለ ሲብሰለሰል አመሸ።

በማግስቱ በመጀመሪያው ሚኒባስ ሄዶ ከትምህርት ቤቱ በር ላይ ፈተናውን የሰጡትን መምህር ጠበቀ።

«መምህር፣ ጥፋቱ የእኔ ነው፤ በልጅቱ አይፍረዱባት» አለና ነገሩን ተናገረ።

«ኧረ ጋሼ፣ ልክ ናት! እንስሳት ደሴት ከሚደርሱባቸው መንገዶች አንዱ ይኸው ነው» አሉት።

ላቀው ሊያጽናኑኝ ነው ብሎ አላመነም። «እንግዲያው ወረቀቷን ያሳዩኝ» አለና እስኪያመጡለት ድረስ ከበሩ ንቅንቅ አልል አለ።