እናቴ ቤት የመጡት አስታራቂዎች

የምተዳደረው የመድረክና የቴሌቪዥን ድራማ በመጻፍ ነው። አረፍ ልበል ብዬ ከሚሴ እናቴ ቤት በገባሁ ማግስት፣ ጠዋት ላይ ሦስት ሽማግሌዎች «አካም ቡልተን» እያሉ መጡ። ዱዓ አድርገው እንደጨረሱ ጎረቤታችን ሼህ ሙሄ ወደ እኔ ዞሩ።

«ልጄ፣ የሰው ትዳር ማፍረስ ሐራም መሆኑን ታውቃለህ?»

እናቴ ክው አለች። እኔም ቶሎ ብዬ ማልኩ። «ወላሂ፣ የማንንም ትዳር አልነካሁም!»

«ልጆቿን ጥላ እንድትወጣ ያደረግካት አንተ አይደለህም እንዴ? ባሏ ምግብ እንኳ አስጠላው።»

«ማን ናት እሷ?» አለች እናቴ፣ በዓይኗ ልትበላኝ እየደረሰች።

«ዛህራ ናታ! ሻንጣዋን ይዛ ስትወጣ አገር በቴሌቪዥን አይቷል።»

ሳቄ አመለጠኝ፤ ዛህራ የድራማዬ ገጸ ባህሪ ናት። ሽማግሌዎቹ ግን ፈገግም አላሉ።

«ካላስታረቅካት አንነሳም» አሉኝ።

እውነቱን ለመናገር ለድርሰቴ እንዲህ የተጨነቀ ሰው ገጥሞኝ ስለማያውቅ ውስጤ ሞቀ። በሚቀጥለው ክፍል ወደ ቤቷ እንደምትመለስ ቃል ገባሁ። መርቀውኝ ተነሱ።

ሼህ ሙሄ በሩ ጋ ሲደርሱ ቆም አሉና፣ «እግረ መንገድህን» አሉኝ፣ «አባቷንም ከሆስፒታል አስወጣልን፤ ረመዳን ሊገባ ነው።»