ያልማሉት ምስክር

ይህን ለንስሐ አባቴ አልነገርኩም። ለባለቤቴም አልነገርኩም። ለእናንተ የምነግራችሁ ስለማታውቁኝ ነው፤ የሚያውቀኝን ሰው ማመን ከተውኩ ቆየሁ።

ሃያ ሁለት ዓመት የፌዴራል ዳኛ ነበርኩ። ጉቦ አልበላሁም። ጓደኞቼ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» እያሉ ይቀልዱብኛል። እኔን የሚቆጨኝ ሌላ ነው። እኔ ሰው አላምንም ነበር። ምስክር ቶሎ ከመለሰ አስጠንተውታል እላለሁ፤ ከዘገየ እየፈጠረ ነው እላለሁ። ታዲያ እንዴት አድርጎ ይመስክር?

ታደሰ ልበለውና አንድ ዘበኛ፣ ሲ.ኤም.ሲ ሰፈር የሚጠብቀውን ቤት ዘርፏል ተብሎ እኔ ፊት ቀረበ። «የዚያን ቀን እረፍት ነበርኩ፤ እንጦጦ ላይ የታመመ ሰው ተሸክሜ ጤና ጣቢያ አድርሻለሁ» አለ። ምስክሩ የታማሚው ሚስት ብቻ ነበሩ፤ ጭራሮ ለቅመው የሚሸጡ እናት።

«ምንዎ ነው?» አልኳቸው።

«ምኔም አይደለም። መንገድ ላይ ያገኘን ሰው ነው።»

ምናቸውም ካልሆነ ሊመሰክሩለት ለምን ያን ሁሉ የእንጦጦ ቁልቁለት በእግራቸው ወረዱ? ማን ልኳቸው ነው? ዘመዴ ነው ቢሉኝም ኖሮ፣ ለዘመዳቸው ሊዋሹ ነው እል ነበር።

እንዲምሉ መጽሐፍ ቅዱስ ሲቀርብላቸው እጃቸውን ሰበሰቡ። «ልጄ፣ መማል አመል ሆኖብኝ ንስሐ አባቴ እንዳልምል ገዝተውኛል። አልምልም። እውነቱን ግን እናገራለሁ።»

ያዝኳቸው! አልኩ በልቤ። ሕጉ መማል የማይፈልግ ሰው እውነት እንደሚናገር በቃሉ አረጋግጦ እንዲመሰክር ይፈቅዳል። እኔ ይህን አላውቅም ነበር? አሳምሬ አውቃለሁ! አውቄ ዝም አልኩ። «ወይ ይማሉ፣ ወይ ይውረዱ» አልኩ። ወረዱ። እኔ አወረድኳቸው። ታደሰን አራት ዓመት ፈረድኩበት።

ዓመት ከመንፈቅ ቆይቶ፣ የዚያው ቤት ባለቤት የወንድም ልጅ በሌላ ስርቆት ተከሶ እኔው ዘንድ መጣ። ለፖሊስ በሰጠው ቃል «የአጎቴንም ቤት የዘረፍኩት እኔ ነኝ» ይላል። ሁለቴ አነበብኩት። አንድ ደብዳቤ ብጽፍ የታደሰ ጉዳይ እንደገና ይታይ ነበር። እኔ ግን ያን ሰሞን ለዕድገት ታጭቻለሁ። ይህ ቃል ለምን አሁን መጣ? ማን ሊጥለኝ ፈልጎ ነው? አልኩና መዝገቡን ዘጋሁ። ማንም አላዘዘኝም፤ እኔ ዘጋሁት። ወይ ነዶ! ዕድገቱንም አገኘሁ። ታደሰ የቀረውን ጊዜ እዚያው ጨረሰ።

ጡረታ ወጥቼ አፈላልጌው እንጦጦ ራጉኤል አካባቢ እንጨት ሲፈልጥ አገኘሁት። ማንነቴን ነግሬ፣ ያደረግኩትን ሁሉ ዘረገፍኩለት። መጥረቢያውን አስቀምጦ ግራ ቀኙን አየ።

«ሌላ ክስ መጣብኝ እንዴ ጌታዬ? ምን ፈልገው ነው?»

«ምንም። ይቅርታ ልጠይቅህ ነው።»

«ይቅር ብያለሁ! እግዜር ይቅር ይበልዎ። ብቻ ስሜን አያንሱ፤ ልጆች አሉኝ።»

ከፍርሃት የወጣ ይቅርታ፣ ይቅርታ ይባላል? አይባልም። የፈራው እኔን ነው፤ ያስፈራሁትም እኔ ነኝ። እናንተንም ይቅር በሉኝ አልልም፤ ምክንያቱም አሁንም ከበደሌ አልተመለስኩም። «ስሜን አያንሱ» ያለኝን ሰበብ አድርጌ ቁጭ ብያለሁ። በመዝገቡ ላይ ሌባው ዛሬም እሱ ነው፤ እኔም በሰፈሬ ዛሬም ክቡር ዳኛ ነኝ። ስሙን የሚያጠራለት ማመልከቻ አንድ ገጽ አይሞላም። አልጻፍኩትም።