ቺንጋ ሰፊዋ

በዚያች ከተማ ጊዜ አመለኛ በቅሎ ነበር፤ ካልያዙት ይደነብራል። ሲደነብር ደግሞ ወደፊት አይሮጥም፣ ወደኋላ ነው። የፈላው ወተት ይበርዳል፤ የታጠበው ሸሚዝ መልሶ ያድፋል፤ ገበያ የደረሰ ሰው ራሱን ደጃፉ ላይ ያገኘዋል። ሰው የሆነውን ሁሉ ያስታውሳል፤ ዕቃውና ገላው ግን ወደነበረበት ይመለሳል። "ጊዜ ሸፈተ" ይላሉ፤ ይራገማሉ፤ ሥራቸውንም ከመጀመሪያው ይጀምራሉ።

ልጓሙ ማረጋጊያ የሚሉት መሣሪያ ነው። ወንዙ ዳር ባለው አዳራሽ ውስጥ ውሃ የሚያዞረው መንኮራኩር አለ፤ ከእሱ እስከ መዳብ ከበሮው ወፍራም የቆዳ ቺንጋ ተወጥሯል። ከበሮው ሳይንገጫገጭ እስከዞረ ድረስ ጊዜ ይረጋል፤ ቺንጋው ከላላ ይሸፍታል። የማይሸፍተው ማረጋጊያው ራሱ ብቻ ነው፤ የተቀደደው እንደተቀደደ፣ የተሰፋው እንደተሰፋ ይቆያል። መንኮራኩሩን ማቆም ስለማይታሰብ ቺንጋው የሚሰፋው እየሄደ ነው። ቅዳዱ ፊቷ ሲደርስ ሰፊዋ አንዴ ትወጋለች፤ ከሥር የተቀመጠ ሰው መርፌውን ተቀብሎ ይመልሳል፤ ከዚያ መርፌውን እዚያው ቆዳው ላይ ሰክተው ይለቁታል። ዞሮ እስኪመጣ መጠበቅ ነው።

ሴትዮዋ ሙያውን የተማረችው ከአክስቷ ነው። አውራ ጣቷ እንደ ተረከዝ ደንድኗል። ከሥር መርፌ የምትመልስላት አንድያ ልጇ ነበረች፤ እናትና ልጅ ሳይነጋገሩ ይግባባሉ። ልጅቷ ፀጉር አስተካካይ ስታገባ እናትየው አልጣማትም። ሰውዬው ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ቀርፋፋ ነው። ግራ ጉንጭ ላጭቶ እስኪጨርስ ቀኙ ይበቅላል እያለች ታሾፍበታለች፤ ኤሊ ብላም ስም አወጣችለት። እሱ ፈገግ ብሎ ያልፋል።

ልጅቷን ምጥ በያዛት ቀን ረፋዱ ላይ ቺንጋው ተተረተረ።

ቤታቸው ከአዳራሹ ፊት ለፊት ነው፤ መስኮት ለመስኮት ይተያያሉ። አዋላጇ የሕፃኑ ጭንቅላት ታየ ባለች ቁጥር ጊዜ ይሸፍትና ምጡ እንደ አዲስ ይጀምራል። ኤሊው ከአዋላጇ ዘንድ መልእክት ይዞ መጣ፤ ሲሮጥ የታየው ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ነበር። የሚስቱ ገላ ቢታደስም ልቧ እየዛለ ነው አለ፤ ከእንግዲህ አልገፋም ማለት ጀምራለች።

እናትየው እንኳን ልትሄድ ቀናም አላለች። የመንኮራኩሩ ዘይት ቀቢ የሆነው ሽማግሌ በልጇ ቦታ ከሥር ገባላት፤ እጁ በዘይት የራሰ ነውና መርፌው ይሙለጨለጭበታል። እሷም ቸኮለች። ስፌቱን አራርቃ፣ አንዴ ልትወጋ በሚገባት ሁለቴ ወጋች። ቺንጋው እየሄደ ሲጎትተው ክሩ ቆዳውን እንደ ቢላ ሰነጠቀው። ከበሮው ተንገጫገጨ፤ ከማዶ ይሰማ የነበረው የልጇ ጩኸት መሃል ላይ ተቆርጦ ጸጥ አለ። ያ ጸጥታ የምጡ መጀመሪያ መሆኑን ሁሉም ያውቃሉ።

"የቸኮለች አፍሳ ለቀመች" አለ ሽማግሌው፣ ለራሱ ያህል።

"ዝም ይበሉ ጋሼ። የምታምጠው የእርስዎ ልጅ አይደለችም።"

ያን ጊዜ አማቿ ኮቱን አውልቆ ሽማግሌውን በትህትና ገለል አደረገና ከቺንጋው ሥር ተቀመጠ። አንተ ደግሞ ልትለው ነበር፤ ቅዳዱ ግን ፊቷ ደረሰ። ወጋች። መርፌው ተመልሶ መጣ፤ አልዘገየም፣ አልቸኮለም። ዕድሜ ልኩን በሰው ጉሮሮ ላይ ምላጭ ሲያሳርፍ የኖረ እጅ ነው። ደግማ ልትወጋ ስትል መርፌውን ከሥር ያዘባት።

"ይዙር፣ እማማ" አላት። "ዞሮ ይምጣ።"

ጥርሷን ነክሳ ጠበቀች። ዞሮ መጣ። ወጋች፤ መለሰ። ከማዶ ልጇ ስትጮኽ እጇ ሊቸኩል ይከጅላል፤ ከሥር ያለው እጅ ግን ያው ነው፣ እሷም ትንፋሿን ከእሱ ጋር አስማማች። ቅዳዱ እንደ ከንፈር እየገጠመ ሄደ። ሲያነክስ የነበረው ከበሮም ቀስ በቀስ እንደ ንብ ቀፎ ያዜም ጀመር።

ድንገት ከማዶ ቀጭን ለቅሶ ተሰማ።

ሽማግሌው የዘይት ቆርቆሮውን እንደያዘ ደርቆ ቀረ። መንገድ ላይ ያሉት ሁሉ ቆሙ። ሁሉም የሚጠብቀው ለቅሶው እስኪቆረጥ ነው። አልተቆረጠም። ጭራሽ ተናደደ፤ ጎላ፤ ሰፈሩን ሞላው። አዋላጇ መስኮቱን በርግዳ ሴት ናት፣ እናቷም ደህና ናት ስትል መንገዱ በጭብጨባ ተናጋ። የማይተዋወቁ ሰዎች ተቃቀፉ፤ ጊዜ መርጋቱን ገና ያላመነ አንድ መንገደኛ አዛውንት የኪስ ሰዓቱን እየዳበሰ አለቀሰ።

ሴትዮዋ ክሩን ቋጠረች፤ በጥርሷ በጠሰችው። መሬት ስትቀመጥ ፊቷ ከአማቿ ፊት ጋር ትይዩ ሆነ።

"ከዛሬ ጀምሮ ኤሊ የሚልህ ቢኖር ከእኔ ጋር ነው ጠቡ" አለችው።

እሱ እንደ ልማዱ ሳይቸኩል ጣቶቹን አንድ በአንድ ጠረገ።

"ኤሊ የሚሉኝ እርስዎ ብቻ ነዎት" አላት።

እንባዋን እየጠረገች በሳቅ ፈረሰች። ከማዶ ሕፃኗ ገና ለቅሶዋን አላበቃችም ነበር።