የፍርድ ቤት ዕድሜዬ

ከይጁቤ የወጣሁበትን ምሽት እናቴ እንደ ለቅሶ ነው ያሳለፈችው። ለመንገድ ያዘጋጀችልኝ በሶ አንድ ክፍለ ጦር ሱዳን አድርሶ ይመልስ ነበር። አባቴ ግን ከመደቡ ሳይነሡ፣ መሬት ትቶ የሚሄድ ሞኝ ብለው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። እኔም ያን መሬት መሰናበት ስላላሰኘኝ በጓሮ ዞሬ ወጣሁ።

እናንተ አገር ቤት ያላችሁ፣ ምን ጎድሎት ተሰደደ እንደምትሉ አውቃለሁ። ምንም አልጎደለኝም፤ ዕድሜ በዝቶብኝ ነው።

አያቴ ሲሞቱ፣ እሳቸው በሕይወት ሳሉ ለተወለዱ የልጅ ልጆች አንድ ለም መሬት ተናዘዙ። እኔ የተወለድኩት ካረፉ ከአራት ዓመት በኋላ ነው። ይህች ትንሽ እንቅፋት አባቴን አላገደቻቸውም። መሬቱ የልጆቼ ብቻ ነው ያሉትን አጎቴን ደብረ ማርቆስ ድረስ ጎትተው፣ ሽማግሌዎች በቤተ ክርስቲያን ደጃፍ አስምለው፣ አያቴ ጭናቸው ላይ አስቀምጠው እንደመረቁኝ አስመሰከሩ። አንደኛው ምስክርማ የአያቴን ጋቢ ማርጠቤን ሳይቀር አስታወሰ። ረታን። እኔም የወተት ጥርሴን ሳልነቅል አራት ዓመት ተመረቀልኝ።

ከዚያ ተማሪ ቤት ገባሁ፤ በሒሳብ እሳት ነበርኩ። ህንዳዊው መምህራችን እኔ ጥያቄ ልጠይቅ እጄን ሳወጣ ራሱን ያመው ነበር። መሐንዲስ ሆኜ ዓባይን በእጄ ቆልምሜ ይጁቤ ላይ አሳልፈዋለሁ ብዬ ለሰፈሩ ሁሉ ቃል ገብቻለሁ። ፈተናውን አለፍኩ። የአዲስ አበባው የምህንድስና ኮሌጅም የዕድሜ ማስረጃ ላክ አለኝ፤ ደንቡ ከሃያ አንድ ዓመት በላይ አይቀበልም። እኔ አሥራ ዘጠኝ ነኝ። ታዲያ የጎጃም ሰው ማስረጃ ሲባል ምን ይልካል? የረታበትን ፍርድ። አባቴ ማኅተሙ ደማቅ ነው ብለው እየኮሩ ላኩት። ኮሌጁ ቢደምር ቢቀንስ ሃያ ሦስት አገኘብኝና፣ አርጅተሃል ብሎ መለሰኝ።

አባቴ ምን ቸገራቸው፣ ኮሌጁን ከሰሱ። ዳኛው የልጁን ዕድሜ ጠየቁ። አባቴ ኩታቸውን አደግድገው እጅ ነሡና፣

«ጌታዬ፣ ለመሬቱ ትልቅ ነው፤ ለትምህርቱ ትንሽ» አሉ።

ችሎቱ ሳቅ በሳቅ ሆነ። ይህን ጊዜ አጎቴ ከኋላ ተነሡ።

«ጌታዬ፣ እኔ ልመስክርለት። ይህ ልጅ ያኔ በእናቱም ሆድ አልነበረም። ፊትም ይህንኑ ስል ሰሚ አጣሁ።»

ለእኔ ትምህርት እንደ አጎቴ የተቆረቆረ ሰው እስከ ዛሬ አላየሁም። ዳኛው አባቴን አንዱን ምረጥ አሏቸው፤ ምስክሮቼ በሐሰት ማሉ ካሉ ልጁ ይማራል፣ መሬቱም ለአጎቱ ልጆች ይመለሳል። አባቴ ዝም አሉ። ጣራውን አዩ፤ እኔን አዩ፤ አጎቴን አዩ። አጎቴን ባያዩ ይሻል ነበር፤ ፈገግ ብለዋል።

«መሬቱ ይጽና» አሉ።

በመተማ በኩል ካርቱም ገባሁ። እዚህ ፀሐዩ ጥላ ሥር የተቀመጠ ዶሮ ይቀቅላል፤ የጮቄ ብርድ በኩንታል ቢሸጥ እገዛ ነበር። ኪስራ የሚሏት እንጀራቸው ዓይን የላትም፣ ዕውር ናት። የስደተኞች መዝጋቢው ሹም ዕድሜዬን ሲጠይቀኝ በማን ፍርድ አልኩት። ሳይስቅ መዝገቡ ላይ ጃንዋሪ አንድ ቀን ወለደኝ፤ ምስክር የለ፣ መሐላ የለ። ለካ ግማሹ ሱዳን የተወለደው በዚያው ቀን ነው።

ሥራዬ መሬት ለሚቀይስ መሐንዲስ ቀለም የተቀባ እንጨት ይዞ መቆም ነው። አከራዬ ሐጂ ይህን ሰምተው ሙሐንዲስ እያሉ ይጠሩኝና ኪራይ ይጨምሩብኛል።

«ሐጂ፣ እኔ እንጨት ያዥ ነኝ» ብላቸው፣

«ራስህን አታዋርድ ልጄ፤ የሙሐንዲስ ቤት ነው የተከራየኸው» ይሉኛል።

ባለፈው ሳምንት፣ ከዚያ ችሎት አሥራ ሰባት ዓመት በኋላ፣ አባቴ ከደብረ ማርቆስ ስልክ ቤት ደወሉ። ያለ ሽቦም ካርቱም ይደርስ በነበረ ድምፅ፣ ጉልበታቸው መክዳቱን፣ መሬቱም ጦም ማደሩን ነገሩኝ። አጎቴ አጠገባቸው እንደቆሙም ነገሩኝ። ከዚያ ዝም አሉ። ዝም ሲሉ የማውቃቸው ያን ቀን ችሎት ላይ ብቻ ነው።

«ልጄ፣ ዘንድሮ ሠላሳ ስድስት ሞላህ አይደል?»

በፍርዱ አርባ ነኝ፤ ሠላሳ ስድስት ያለ መሬቱን ለቀቀ። ይህን ከእሳቸው የበለጠ የሚያውቅ የለም፤ አጎቴም ይሰማሉ፣ ስልክ ቤቱም በሙሉ ይሰማል።

«አባዬ፣ እስቲ ይድገሙት» አልኩ።

መስመሩ ተቆርጧል።