የበላይ አካል

አስጎብኚውን በስሙ የሚጠራው የለም። ለድርጅቱም፣ ለሆቴል ዘበኞቹም፣ ለጀልባ ነጂዎቹም «ማይኩ» ነው። ማይክሮፎን ከእጁ የሚለየው ሲተኛ ብቻ ነው ይሉታል፤ እሱንም ቢሆን ሚስቱ ትመስክር እያሉ ይስቁበታል። ደጋውን አቋርጦ ሐይቁ ላይ ወዳሉት ደሴቶች የሚወስደውን ጉዞ ስንት ጊዜ እንደመራ ራሱም አያውቀውም። ምሽጉን ማን እንዳፈረሰው፣ የድንጋዩን ድልድይ ማን እንዳሠራው፣ የትኛው ንጉሥ የትኛውን ወንድሙን የት እንዳሰረ ከእንቅልፉ ቀስቅሰው ቢጠይቁት ይመልሳል። ሰው ግን የሚወደው በታሪኩ አይደለም፤ ታሪክማ መጽሐፍ ላይ ሞልቷል። የሚወዱት በሚስቱ ነው።

አውቶቡሱ ውስጥ በምትኖረው ሚስቱ ማለቴ ነው። ገና ከከተማ ሳይወጡ ማይኩ ጉሮሮውን ይጠርግና «ክቡራትና ክቡራን፣ ይህ ጉዞ የሚካሄደው በበላይ አካል ፈቃድ ነው» ይላል። ተሳፋሪው መንግሥትን ያለ መስሎት ጭጭ ሲል፣ «የበላይ አካል ማለት ባለቤቴ ናት። መመሪያ የምታወጣው እሷ፣ የምፈጽመው እኔ» ይላል። ከዚያ በኋላ ጉዞው እስኪያልቅ ድረስ የበላይ አካል ከአውቶቡሱ አትወርድም። ምሽጉ ጋ ሲደርሱ፣ «ይህን በር ሦስት ጦር ተሰልፎ ሊያስከፍተው አልቻለም፤ የበላይ አካል ብትላክ ከምሳ በፊት ታስከፍተው ነበር» ይላል። ስልኩ ሲጮህ እንደ ወታደር ቀጥ ብሎ ይቆማል። እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ የቆመች ሴት የሚመስል ተራራ አለ፤ እሱን ሲያልፉ «የደሞዝ ቀን ሳመሽ በር ላይ እንዲህ ሆና ነው የምትጠብቀኝ» ይላል። ሰው ሆዱን ይዞ ይስቃል።

እውነተኛዋ ሚስቱ ሌላ ሴት ነበረች። መነጽር ቤት ውስጥ፣ ከጀርባ ባለችው ጠባብ ክፍል ተቀምጣ፣ መስታወት እየሞረደች ከክፈፉ ጋር የምታገጣጥም ድምጿ የማይሰማ ሴት። መቆጣት አታውቅበትም፤ ስትከፋ ሻይዋን ይዛ መስኮቱ ጋ ትሄዳለች፣ አለቀ። ጉዞው ላይ የወጣችው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ማን እንደሆነች ለማንም ሳትናገር ከኋላ ተቀምጣ፣ ሰው በበላይ አካል ሲስቅ አብራ ሳቀች። ከጎኗ የነበረችው ሴትዮ «ወይ ጉድ! ከዚችስ ጋር እንዴት ቻለው?» ስትላት፣ «እሱ መቻል ያውቅበታል» ብላ መለሰችላት። ያንን ስትነግረው ሁለቱም አልጋ ላይ እየተንከባለሉ ሳቁ።

እሷ ሞተች። ከሥራ ስትመለስ የሚኖሩበት ፎቅ ደረጃ ላይ ራሷን ይዛ ተቀመጠች፤ ጭንቅላቷ ውስጥ የደም ሥር ፈንድቷል ተባለ፤ ሆስፒታል ገብታ ብዙም ሳትቆይ አለፈች። ማይኩ አላለቀሰም። እንባዬ ይመጣል ብሎ ጠበቀ፤ አልመጣም። ለቀብር የመጣውን ሰው እጁን ከፍ አድርጎ «በዚህ በኩል፣ እባካችሁ እንዳትጠፋፉ» እያለ ሲያሳልፍ ሴት ልጁ አየችውና ፊቷን አዞረች፤ እሱ የሚያደርገውን አላወቀውም። ጥርስ ሊነቀል ማደንዘዣ የተወጋ ሰው ጉንጩን ሲነካው እንደሚሆነው ነበር። ጉንጭ አለ፣ ግን የሌላ ሰው ጉንጭ ነው። ልጁ አባቷ ላይ ዓይኗን እንደጣለች ሰንብታ ባሏ ወዳለበት ከተማ ተመለሰች። ሥራ አስኪያጁ «እስኪበቃህ ዕረፍ» አለው። ምን ሠርቶ ይረፍ? ቴሌቪዥኑን ይከፍታል፣ ይዘጋዋል። ቁርሱን የት እንዳስቀመጠው ይረሳና ቀዝቅዞ ያገኘዋል። በአምስተኛው ሳምንት ሸሚዙን ተኩሶ ሥራ ገባ።

የበላይ አካልን ዘልሎ በታሪክ ብቻ ሊጨርስ ቆርጦ ነበር። ከከተማ ሲወጡ ስለ ፈቃድ ምንም አላለም፤ ስለ ዝናብ መጠን አወራ። አውቶቡሱ ጭር አለ። ከፊት የተቀመጡት ጡረታ የወጡ አዋላጅ ሹራባቸውን ትራስ አድርገው አንቀላፉ። ከኋላቸው ያሉት አዲስ ተጋቢዎች ስልካቸው ላይ አቀረቀሩ። ከዚያ መንገዱ ሲጠመዘዝ ያ ተራራ፣ እጇን ወገቧ ላይ ያደረገችው፣ ድቅን አለ። ማይኩ አስቦ አይደለም፣ አፉ ነው የተናገረው። «በስተቀኝ በኩል የምታዩት ተራራ አይደለም፤ የበላይ አካል ናት» አለ።

«ማናት እሷ?» አሉ አዋላጇ ነቅተው።

«ባለቤቴ ናት፣ እትዬ። የደሞዝ ቀን ሳመሽ በር ላይ እንዲህ ሆና ነው የምትጠብቀኝ።»

አውቶቡሱ በሳቅ ተናጋ። ሹፌሩ አልሳቀም። ከማይኩ ጋር ለዓመታት የነዳ፣ ቃል የሚቆጥብ ሰው ነው፤ መስተዋቱ ውስጥ አንዴ አየውና ዓይኑን ወደ መንገዱ መለሰ።

ከቀትር በኋላ ሆቴሉ ግቢ ውስጥ ሹፌሩ የፊት መስታወቱን እያጠበ ሳለ ማይኩ መጥቶ ባልዲውን ያዘለት። ሹፌሩ አሸ፣ አሸና «አይከብድህም?» አለው።

«ምኑ?»

«እሷን እየጠራህ ማሳቁ።»

«ምንም አይሰማኝም።»

«እሱ ነው የሚያስፈራኝ እኮ፣ ወንድሜ። ለምን አትነግራቸውም? ሰው ናቸው፣ ይረዱሃል።»

ማይኩ ባልዲውን መሬት ላይ አስቀመጠ። «ቤቴ ውስጥ ሞታለች» አለ። «መነጽር ቤቱ ወንበሯ ላይ ሌላ ሰው አስቀምጧል። ጎረቤቱም ልጄም ያውቃሉ። እነዚህ ብቻ አያውቁም። ለእነሱ አለች፤ ዛሬም ተቆጥታ በር ላይ ቆማለች። እዚህም ሞተች ካልኩ የት ልትኖር ነው?»

ሹፌሩ ጨርቁን ጨመቀና ሌላኛውን መስታወት ያዘ።

ከዚያማ ማይኩ ለቀቀው። ድልድዩ ጋ የበላይ አካል ድልድዩን ካሠራው መስፍን ጋር በሲሚንቶ ዋጋ ተከራከረች። የነገሥታቱ መቃብር ጋ «እዚህ ሰባት ንጉሥ ተኝቷል፤ የበላይ አካል ብትኖር ግን ጫማቸውን ሳያወልቁ አታስተኛቸውም ነበር» አለ። ሰው በበላይ አካል ፍቅር ወደቀ። ሙሽራዋ ባሏን «የበላይ አካል ናት የምታውቅልህ» እያለች ማስፈራራት ጀመረች። አዋላጇ ሳንድዊቻቸውን ለማይኩ ሲያካፍሉት «ብላ፤ ከስተህ ብትገባ ተጠያቂዎቹ እኛ ነን» አሉት። እሱም በላ። የሚበላው ምን ጣዕም እንዳለው ግን አላወቀም።

ምሽጉ ግንብ ላይ ሆነው ሸለቆውን እያሳያቸው ሳለ ስልኩ ጮኸ። እጁ ከሐሳቡ ቀደመ፤ እግሩን ገጠመ፣ ደረቱን ነፋ፣ «አቤት፣ የበላይ አካል!» አለ። ሰው ከወዲሁ መሳቅ ጀመረ። «አዎን እመቤቴ። ምሳ በልቻለሁ እመቤቴ። ኮቴንም ደርቤያለሁ። በታዘዝኩት መሠረት!»

በዚያኛው ጫፍ ልጁ ነበረች። «አባዬ?» አለች። «አባዬ፣ እኔ ነኝ እኮ። ምን እያልክ ነው?»

«እሺ፣ ይፈጸማል!» አለ ማይኩ።

ልጁ ከኋላው የሚስቀውን ሰው ሰምታለች፤ ያንን ሳቅ እየሰማች ነው ያደገችው፣ በምን እንደሚስቁም ታውቃለች። «እማዬን ነው?» አለችው ቀስ ብላ፤ ከዚያ ስልኩ ተዘጋ። ማይኩ ስልኩን ኪሱ ከተተና ስለ ምሽጉ የውሃ ጉድጓድ ማስረዳቱን ቀጠለ። ማዘን እንደነበረበት ያውቃል። ለልጁ መልሶ መደወል እንዳለበትም ያውቃል። ሁለቱንም እንደ ሌላ ሰው ዕዳ ከሩቅ አያቸው።

ደሴቶቹን ፀሐይ በሞላበት ቀን አዳረሷቸው። ጀልባዋ ከአንዱ ወደ አንዱ ስትሄድ ማይኩ የታሰሩትን መሳፍንት፣ የተሸሸጉትን መጻሕፍት፣ የሰመጠውን ደወል አንድ ሳይቀረው ተረከ። ሐይቁ ያምራል ሲባል ሰማና ቀና ብሎ አየው፤ ውሃ ነው።

የመመለሻቸው ዕለት አውቶቡሱ ጀልባ መቆሚያው አጠገብ ሞተሩን አስነስቶ ቆሟል። ሁሉም ገብቷል፤ ሙሽራው ብቻ ቀርቷል። ማይኩ በሩ ጋ ቆሞ ሲጠብቅ ሙሽራው ከቆዳ ዕቃ መሸጫው ደጃፍ ሆኖ ለአዋላጇ በእጁ ምልክት ሰጠ። አዋላጇ ተነሥተው ማይኩን ከእጁ ነጠቁት፤ ማይክሮፎኑን ማለቴ ነው።

«ጸጥታ!» አሉ። «እዚህ አውቶቡስ ውስጥ ያለን ሰዎች መክረናል። የበላይ አካል ስድስት ቀን ስታስቀን ከርማለች፤ ባዶ እጃችንን አንሸኛትም። ሙሽራው ሱቁ ውስጥ ቆንጆ ነጠላ ጫማ መርጦላታል። አሁን የእግሯን ቁጥር ንገረን!»

ሰው አጨበጨበ። ማይኩ አፉን ከፈተ። ቁጥሩ አልመጣም።

አያውቀውም። ሆስፒታሉ ጫማዋን በፌስታል አድርጎ ሰጥቶት ነበር፤ ፌስታሉን ሳይፈታ ቁምሣጥኑ ላይ ወርውሮታል። ፈትቶት ቢሆን ሶሉ ላይ ተጽፎ ያገኘው ነበር። ያን ሁሉ ዓመት በዚያ ጫማ ከኋላው ስትመላለስ፣ አንድ ቀን እግሯ ስንት ነው ብሎ አልጠየቀም። የሰባቱን ነገሥታት ዕድሜ በቃሉ ይዟል። ደረቱ ውስጥ የሆነ ነገር ሲንቀሳቀስ ተሰማው፤ አመመው።

«አታውቀውም?» አሉ አዋላጇ። «እሰይ! ዘንድሮ ጉድህ ፈላ! ስንት ዓመት አብረሃት ኖረህ የእግሯን ቁጥር አታውቅም?»

«ጋሼ፣ ይደውሉላትና ይጠይቋት!» አለች ሙሽራዋ ከኋላ። «እኛም ድምጿን እንስማ!»

«ይደወል!» አለ አንዱ። «ይደወል! ይደወል!» ብሎ አውቶቡሱ በሙሉ በጭብጨባ ተቀበለው። አዋላጇ ማይክሮፎኑን መልሰው እጁ ላይ አኖሩለት።

የሆነ ቁጥር ቢጠራ ይገላገል ነበር። ሠላሳ ስምንት ቢል ሠላሳ ስምንት ይገዛል፤ ማንም አይጠይቀውም። ነገር ግን በእግሯ ላይ መዋሸት አልሆነለትም። ስለ እሷ ስንት ነገር ፈጥሮ አውርቷል፤ ይህችን ብቻ መፍጠር አቃተው።

«አይደወልም» አለ በማይክሮፎኑ። «ባለቤቴ ሞታለች።»

አውቶቡሱ በሳቅ ፈነዳ። እንደዚያን ቀን ስቀው አያውቁም። «ጫማ ከመግዛት ገላገለችህ በለን!» አለ አንዱ። «ቁጥሯን ከሚያስታውስ ቢገድላት ይቀለዋል!» አሉ አዋላጇ እንባቸውን እየጠረጉ። ሙሽራዋ ባሏን በመስኮት «ሞታለች አለ እኮ!» ብላ ጮኸችለት፤ እሱም እዚያው ሱቁ ደጃፍ ላይ ሆኖ ሳቀ።

ማይኩም አብሮ ፈገግ አለ። እያላገጠ አልነበረም። ሞተች ብሎ ተናግሮ ያላመነው ሰው ሲያገኝ የመጀመሪያው ነበር። ይሄ ሁሉ ሰው፣ በሙሉ ድምፅ፣ አልሞተችም እያለው ነው። ከአምስት ሳምንት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሙቀት ነገር ሰውነቱ ውስጥ ገባ፤ እንዳያቆሙበት ፈለገ።

ሹፌሩ ሞተሩን አጠፋ። ከወንበሩ ተነሥቶ ወደ ሰው ዞረ፤ በዚያ ጉዞ ሁሉ ፊቱን ያዩት ያኔ ነው። «እውነቱን ነው የሚላችሁ» አለ። «ሞታለች። ሬሳዋን ከተሸከሙት አንዱ እኔ ነኝ።»

ሳቁ ከፊት ወደ ኋላ እየጠፋ ሄደ። ከኋላ የነበሩት ስላልሰሙ ትንሽ ቆዩ፤ እነሱም ሰሙ። አዋላጇ መዳፋቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። የሐይቁ ውሃ ድንጋዩን ሲመታ ይሰማል።

«መቼ?» አሉት አዋላጇ በስተመጨረሻ። «መቼ ነው፣ ልጄ?»

ማይኩ ያን ሁሉ ፊት አየ። በአንዱም ላይ የበላይ አካል የለችም። አንድ ሰሞን ተራራ ላይ፣ ድልድይ ላይ፣ በር ላይ ያቆሟት ሰዎች አሁን እንደ ጎረቤቶቹ፣ እንደ ልጁ፣ እንደ ሥራ አስኪያጁ አድርገው ነበር የሚያዩት። የሚያውቁ ሰዎች ዓይን ነው። ከዚህ በኋላ እሷን በሕይወት አለች ብሎ የሚያምን ሰው የትም የለም።

«አሁን» አላቸው።

መርዶ ነጋሪውም እሱ፣ መርዶ ሰሚውም እሱ ሆነ። አዋላጇ አይዞህ አላሉትም፤ በሩ ጋ ያለውን ታጣፊ የአስጎብኚ ወንበር አወረዱለትና በትከሻው ይዘው አስቀመጡት። እዚያ ተቀምጦ፣ ሰው ፊት፣ ሳይሸፋፈን፣ እንደ ልጅ ጮኾ አለቀሰ።