በታኅሣሥ ብርድ ሐረር ላይ የተሟሸች ድስት

ታኅሣሥ ፲፯፣ ድሬዳዋ፣ ጎሕ ሲቀድ

ድሬዳዋ ብርድ የሚባል ነገር አታውቅም። አማቴ ወይዘሮ የሺመቤት ግን ጋቢ በጋቢ ደርበው በቅሎዋ ላይ ሲወጡ ሳቄ መጣ።

«እሜቴ፣ በዚህ ሙቀት ይቀቀላሉ እኮ» አልኳቸው።

«አንተ ሐረርን አታውቃትም። ዝም ብለህ ንዳ።»

እውነታቸውን ነው፣ አላውቃትም። ከሐረር የማውቀው ቡናውን ለባቡር ሲያወርድ የምረከብለትን ነጋዴ፣ ሐጂ ዩሱፍን ብቻ ነው። አማቴ የሚሄዱት ለባላቸው ሙት ዓመት ነው። ነገ ጠዋት መድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን፣ መቃብሩ አጠገብ መቆም አለባቸው። ማታ በአክስታቸው ልጅ ቤት እንበላለን ብለን ከቆሎ በቀር ስንቅ አልያዝንም።

ደንገጎ፣ ረፋድ

ዳገቱ በቅሎዎቹን አስለከለካቸው። አናቱ ላይ ስንደርስ ነፋሱ ኩታዬን ሊነጥቀኝ ታገለ። የቁሉቢ ገብርኤል መንገደኞች እየዘመሩ፣ ጥላቸውን እንደያዙ ወደ ምዕራብ ይታጠፋሉ። እኛ ወደ ምሥራቅ። አማቴ ከጋቢያቸው ውስጥ ብቅ ብለው አዩኝ፤ «ሐረርን አታውቃትም ብዬህ ነበር» የሚል አስተያየት።

ሐሮማያ፣ ከቀትር በኋላ

ሐይቁ ዳር ሴቶች ትኩስ ወተትና የማሽላ ንፍሮ ይሸጣሉ። የነቢያት ጾም ስለሆነ ወተቱ ቀረ። ንፍሮውን ገዝቼ አቀረብኩላቸው።

«ይሄ የተቀቀለበት ድስት ትናንት ምን እንደተቀቀለበት በምን አውቃለሁ?» አሉ። የእስላም ሥጋ የነካው ዕቃ አፋቸው አይደርስም፤ ዕድሜ ልካቸውን እንዲሁ ናቸው። ቆሎውን ደግሞ ጥርሳቸው አይችለውም። ንፍሮውን እኔና በቅሎ ነጂው ጨረስነው፣ አልዋሽም፣ ይጣፍጥ ነበር።

ሐረር፣ ጀንበር ስትጠልቅ

ስለዚህች ከተማ ብዙ ሰምቻለሁ፤ የነገረኝ ሁሉ አሳንሶ ነው የነገረኝ። በግንብ ታጥራ፣ ቤቶቿ ተደጋግፈው፣ ነጫጭ የመስጊድ ሚናራዎቿ በመጨረሻው ፀሐይ ቀልተው፣ ከጣራው ሁሉ የእራት ጭስ ይነሣል። ከተማው በሙሉ ባንድ ምድጃ የሚያበስል ይመስላል። በቅሎዬን አቁሜ አፌን ከፈትኩ።

«ኋላ ታያታለህ፣ በሩ ሊዘጋ ነው» አሉ አማቴ። ድምፃቸው ይንቀጠቀጣል።

የአክስታቸው ልጅ ቤት ተቆልፏል። «ቁሉቢ ሄደዋል» አለችን ጎረቤት። ያን ጊዜ የአማቴን እጅ ብይዘው የወንዝ ድንጋይ ነው። ከንፈራቸው ጠቁሯል። እኚህ ሴት እጄ ላይ ቢያልፉ ለሚስቴ ምን ልላት ነው? ሳላማክራቸው በቅሏቸውን ወደ ሐጂ ዩሱፍ ቤት ጎተትኩ።

ሐጂ ዩሱፍ ቤት

ገብቼ ቆሜ ቀረሁ። ወለሉ እንደ ደረጃ ከፍ ከፍ የሚል መደብ፣ ሁሉም በቀይ አፈር የተለቀለቀ። ግድግዳው ከታች እስከ ጣራው የእንጨት ገበታ፣ ባለቀለም ስፌት፣ ሳህን በሳህን። የመኳንንት አዳራሽ አይቻለሁ፤ እንዲህ ያለ ግን አላየሁም። ቤቱን የሥጋ መረቅ ሽታ ሞልቶታል። በብርድ ጊዜ እራታቸው ይሄ ነው፤ የማሽላ እንጀራ በትኩስ መረቅ ርሶ፣ ከላዩ አረፋ እስኪያወጣ የተመታ አብሽ፣ እነሱ ሑልበት የሚሉት።

የሐጂ ሚስት አይ ዘይነባ ናቸው፤ «አይ» በቋንቋቸው እናት ማለት ነው። ወደ ምድጃው ጠጋ በሉ ሲሏቸው አማቴ ጥግ ይዘው ቀሩ።

«እግዜር ይስጥልኝ፣ ጠግቤያለሁ።» ጥርሳቸው ይንገጫገጫል።

አፈርኩ። ለአይ ዘይነባ ስለ ጾሙና ስለ ድስቱ እየተንተባተብኩ ስናገር ሳልጨርስ ገባቸው። ሻሻቸውን አጥብቀው ራሳቸው ወጡ። ጊደር መጋላ በሚሉት ገበያ ሸክላ ሻጮቹ ዕቃቸውን ሲሸክፉ ደርሰው፣ ድስትና ማማሰያ ታቅፈው መጡ። ድስቷን አማቴ ጉልበት ላይ አስቀመጡ።

«እሜቴ፣ ይቺ ወላሂ እሳት አታውቅም። ሥጋም ቅቤም አልነካትም። እርስዎ ያሟሹልኝ።»

አማቴ ድስቷን ገለበጧት። በጣታቸው አንኳኩ፤ ጆሯቸውን ደቀኑ።

«ደህና ተተኩሳለች» አሉ። ቀጥለው፣ «ኑግ አለሽ?»

ነበራቸው። እሳት አጠገብ አልቀመጥም ያሉት ሴት ተነሥተው ምድጃው ሥር ቁጭ አሉ። የድስቷን ሆድ በተወቀጠ ኑግ አሹ፣ ውሃ ሞሉ፣ አፈሉ፣ ደፉ፣ ደገሙ። አይ ዘይነባ እንጨት ያቀብላሉ። የማሽላ ዱቄት ገባ፣ ገንፎው ተማሰለ፣ መሐሉ ተጎድጉዶ በርበሬና ዘይት ጠጣ። የፊታቸው ደም ሲመለስ እያየሁ እንባዬ መጣ፤ በጭሱ አሳበብኩ።

ሐጂ «ቢስሚላሂ» ሲሉ አማቴ አማተቡ። እነሱ ከመረቁ፣ እሳቸው ከገንፎው፣ ጎን ለጎን በላን። እኔማ ከአማቴ ገንፎ በላሁ፤ ዓይኔ ግን መረቁ ላይ ነበር።

ታኅሣሥ ፲፰፣ ጠዋት

አማቴ በሁለት እግራቸው ቆመው ባላቸውን አሰቡ። ስንሰናበት ድስቷ ታጥባ፣ ከሌላው ዕቃ ተለይታ፣ ከፍ ብላ ተቀምጣ አየናት።

«የእርስዎ ናት። ሌላ ነገር አይበስልባትም» አሉ አይ ዘይነባ።

አማቴ ድስቷን አንዴ አይተው ወደ በቅሏቸው ወጡ። እስከ ደንገጎ፣ ከዚያም እስከ ድሬዳዋ ፊታቸውን በጋቢ ሸፍነው ነዱ። ቅር ብሏቸዋል ብዬ ስብሰለሰል ገባሁ።

ድሬዳዋ፣ በገበያ ቀን

ዛሬ አማቴ ከገበያ አዲስ ድስት ገዝተው መጡ። ሚስቴ ኑጉን ወቅጣ፣ ልታሟሻት እሳት ላይ ልትጥዳት ስትል እጇን ያዟት።

«ተዪያት» አሏት። «አይ ዘይነባ እኛ ዘንድ ሲመጡ ራሳቸው ያሟሿታል።»