ልጄ እንዳትመረጥ የተሳልኩት ጃንጥላ

ሮብ ገበያ፣ ከንጋቱ 12 ሰዓት

ብርዱ ጥርስ ያንቀጫቅጫል። መናኸሪያው ውስጥ ያለችው አንዲት ሚኒባስ ብቻ ናት፤ ጣሪያዋ ላይ ድንች በጆንያ ይጫናል። መታወቂያዬን መቀነቴ ላይ ቋጥሬ ሦስት ጊዜ ዳሰስኩት።

የምሄደው ደብረ ማርቆስ ነው። ልጄ ትርንጎ አስተማሪ ናት። ዛሬ እዚያ ፓርቲዋ ከሦስት አባላቱ አንዱን ለምርጫው ዕጩ አድርጎ ይለያል፤ ከሦስቱ አንዷ እሷ ናት። ድሮ እንዲህ ያለው ነገር በሩ ተዘግቶ ነበር የሚያልቀው። አሁን በስልክ በቀጥታ ይታያል፤ አስተዋዋቂ አለው፣ ሙዚቃ አለው፣ ልክ እንደ ዘፈን ውድድር።

እኔ ደግሞ እንድትሸነፍ ለማርያም ተስያለሁ። ጊዜው ያስፈራኛል። ስሟ በየሰዉ አፍ መዞር ከጀመረ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም። «ልጄን ከዚህ ነገር አውጪልኝ፣ ጃንጥላ አስገባለሁ» አልኩ። ያኔ አንድ ነገር ረሳሁ። በእኛ ደብር ስለት ሲገባ፣ ለምን እንደተሳሉት ካህኑ በድምፅ ማጉያ ለሕዝቡ ይናገራሉ።

ዳገቱ ላይ፣ 1 ሰዓት ተኩል

ሹፌሩ ስልኩን መሪው አጠገብ ሰክቶ የዕጩዎቹን ውድድር ድምፅ ከፍ አደረገው።

«ልጄ፣ መንገዱን እያየህ» አልኩት።

«አይስጉ እማማ፣ ስልኩን በጆሮዬ ነው የማየው።»

ከአጠገቤ የተቀመጠችው ድንች ነጋዴ ሳቀች። ሹፌሩ ቀጠለ፤ «ባለ ሱፉ ያሸንፋል፤ በሉ እንወራረድ!»

«ሱፉን ነው እንዴ ፓርላማ የምንልከው? ድምፁ እኮ የሎተሪ አዟሪ ነው» አለች ነጋዴዋ።

«ሴትዮዋስ?»

«እሷማ ልታርመን ነው የመጣችው፤ ቀይ እስክሪብቶ ብቻ ነው የቀራት።»

መኪናው በሙሉ ሳቀ። እኔ ነጠላዬን ወደ ፊቴ ሳብኩ። የትርንጎ ተራ ደረሰ።

«እናቴ እኔን ልትወልድ ሁለት ቀን አምጣ፣ በቃሬዛ ተሸክመው እስከ አስፋልቱ አወረዷት። ዛሬም ከቀበሌያችን ምጥ የያዛት ሴት የምትወርደው በቃሬዛ ነው» አለች።

ይህን የነገርኳት አንድ ቀን ብቻ ነው፤ ያውም እርጎ እየናጥኩ። የሰማችኝ አልመሰለኝም ነበር።

«እኔም እንደዚያው ነው የወረድኩት» አለች ነጋዴዋ፤ ዓይኗን በሻርፗ ጠረገች። ሹፌሩ መኪናዋን ዳር አቁሞ ለልጄ የተመልካች ድምፅ ላከ። ወዲያው የቢራ ማስታወቂያ ገባ፤ ቀጥሎ ኔትወርኩ ጠፋ።

ልጄ ናት ማለት አቃተኝ። በልቤ ግን «ማርያም፣ ያልኩሽን እርሺልኝ» አልኳት።

ደብረ ማርቆስ፣ 4 ሰዓት

በፓርቲው አባላት ምርጫ ባለ ሱፉ በአምስት ድምፅ በለጣት። እሷን የተመልካቾች ተወዳጅ ብለው አበባ ሰጧት፤ የተመልካቹ ድምፅ ለድምቀት ነው እንጂ አይቆጠርም። አዳራሹ በር ላይ አበባውን ቁልቁል ይዛ አገኘኋት።

«እማዬ! ብቻሽን መጣሽ?»

መደበቅ አልቻልኩም፤ ስለቱን ነገርኳት።

«በአምስት ድምፅ እኮ ነው፣ እማዬ።»

«አውቃለሁ ልጄ።»

ፊቷን አዙራ መሄድ ጀመረች። ተከተልኳት። የቆመችው ንዋየ ቅድሳት የሚሸጥበት ሱቅ በር ላይ ነው። ቀዩን፣ ወርቃማ ዘርፍ ያለውን ጃንጥላ እሷው መረጠች።

መመለሻ፣ 8 ሰዓት

ያችው ሚኒባስ፣ ያችው ነጋዴ። በድንቹ ፋንታ ሳሙናና ጨው ተጭኗል። ነጋዴዋ ትርንጎን ስታያት እጇን ይዛ ሳመችው፤ «አንቺን ነው የጣሉት? ዓይን የላቸውም!» ከዚያ ጭኔ ላይ ያለውን ጃንጥላ አየች።

«እንኳን ማርያም ሰማችዎ፣ እትዬ! ምን አድርጋልዎት ነው?»

ትርንጎ በመስኮት ወደ ውጭ ታያለች። ፊቷን ሳታዞር መለሰችልኝ፤

«ልጇን በሰላም ወደ ቤቷ መልሳላት ነው።»

ነጋዴዋ እልል አለች። እኔ ጃንጥላውን አቀፍኩት። ልጄ የእኔን ምጥ ለአገር ሁሉ ተናግራለች። ካህኑ ለምን እንደተሳልኩ ሲጠይቁኝ፣ ፈርቼ ነው እላቸዋለሁ፤ በድምፅ ማጉያው እንዲናገሩት።